አንድ ቆጣሪ፣ ብዙ ተከራይ፤ የመብራት ሒሳብ እንዴት ይካፈል?

በከተሞቻችን አከራይና ሦስት አራት ተከራዮች በአንድ ግቢ፣ በአንድ ቆጣሪ መጠቀማቸው የተለመደ ነው። የወሩ ሒሳብ ሲመጣ ታዲያ ክርክሩ ይነሳል። አንዳንዱ ግቢ በአምፖል ቁጥር ይካፈላል፤ ሌላው በቤተሰብ ብዛት፤ በሌላው ደግሞ አከራዩ የተመኑት ይከፈላል። ሁሉም በግምት የሚሠራ በመሆኑ አንዱን ይጠቅማል፣ ሌላውን ይጎዳል። በተለይ በአምፖል ቁጥር የሚካፈል ግቢ የሒሳቡን ዋና ምንጭ ጭራሽ አልቆጠረውም።

ስሌቱ ከባድ አይደለም። በአብዛኛው የኤሌክትሪክ ዕቃ ጀርባ ወይም ሥር ኃይሉ በዋት ተጽፎ ይገኛል። ዋቱ ዕቃው በሚሠራበት ሰዓት ተባዝቶ ለ1 ሺህ ሲካፈል ኪሎ ዋት ሰዓት ይሰጣል። ቆጣሪው የሚቆጥረውም ይህንኑ ነው።

ባለ 9 ዋት ኤልኢዲ አምፖል በቀን 5 ሰዓት ቢበራ በ30 ቀን የሚፈጀው 1 ነጥብ 35 ኪሎ ዋት ሰዓት ብቻ ነው። ተቀራራቢ ብርሃን የሚሰጠው የቀድሞው ባለ 60 ዋት አምፖል ግን 9 ኪሎ ዋት ሰዓት ይወስዳል። አሁን ወደ ምጣዱ እንሂድ። 3 ሺህ 500 ዋት የሚስብ የእንጀራ ምጣድ፣ ማሟሻውን ጨምሮ 2 ሰዓት ቢሠራ 7 ኪሎ ዋት ሰዓት ይፈጃል። የአንድ ቀን ጋገራ ያን ኤልኢዲ አምፖል ከአምስት ወር በላይ ያበራው ነበር ማለት ነው። በወር ስምንት ጊዜ የሚጋግር ቤት በምጣድ ብቻ 56 ኪሎ ዋት ሰዓት ይደርሳል።

ማቀዝቀዣ ከዚህ ስሌት ወጣ ይላል። ቀኑን ሙሉ ተሰክቶ ቢውልም ሞተሩ እየሠራ እያረፈ ስለሚሄድ፣ ዋቱን በ24 ማባዛት የተጋነነ ቁጥር ያመጣል። የተጻፈው ቁጥር ያጠራጠረው ሰው ቆጣሪውን ራሱን ይጠይቅ፦ ሌላውን ሁሉ አጥፍቶ ከጋገራ በፊትና በኋላ ያለውን ንባብ መመዝገብ ይበቃል። ጎረቤቶች ባሉበት ቢደረግ ደግሞ ለክርክሩም መፍትሔ ይሆናል።

ለምሳሌ ያህል የአንድ ግቢ ፍጆታ 240 ኪሎ ዋት ሰዓት፣ የፍጆታው ሒሳብም 1 ሺህ 200 ብር ነው እንበል። አንዱ ኪሎ ዋት ሰዓት በአማካይ 5 ብር ይመጣል። በግቢው 8 አምፖሎች ካሉና ክፍያው በአምፖል ከሆነ፣ አንድ ኤልኢዲ አምፖልና የስልክ ቻርጀር ብቻ ያላት ብቸኛ ተከራይ 150 ብር ትከፍላለች። የተጠቀመችው ግን ከ15 ብር አይበልጥም። ወርኃዊው የአገልግሎት ክፍያ ግን ሁሉም እኩል ቢካፈሉት ፍትሐዊ ነው።

ሌላም ነገር አለ። የመኖሪያ ቤት ታሪፍ በእርከን የተከፋፈለ ነው፤ እስከ 50 ኪሎ ዋት ሰዓት የሚጠቀም ዝቅተኛውን ዋጋ ይከፍላል፣ ፍጆታው ሲጨምር የአንዱ ኪሎ ዋት ሰዓት ዋጋም ይጨምራል። በጋራ ቆጣሪ የሁሉም ፍጆታ ስለሚደመር፣ ለብቻው ቢሆን ዝቅተኛው እርከን ላይ የሚቀረው ቤተሰብ ሳይቀር በውዱ ዋጋ ይከፍላል። የየራስን ቆጣሪ ማስገባት ከተቻለ ከማናቸውም ስሌት ይሻላል።

መብራት በገባበት ገጠር ደግሞ አርሶ አደሩ የውኃ መሳቢያ ሞተር ሲገዛ ጉልበቱ በፈረስ ጉልበት ተጽፎ ያገኘው ይሆናል። አንዱ የፈረስ ጉልበት 746 ዋት ነው፤ ሞተሩ በሙቀት የሚያባክነው ስላለ የሚስበው ከዚህ ከፍ ይላል። በቀን 3 ሰዓት ቢሠራ ከ2 ኪሎ ዋት ሰዓት በላይ ይይዛል። ሞተርም ሆነ ምጣድ ከመግዛት በፊት ሽቦውን ማሳየት ይገባል። ባለ 3 ሺህ 500 ዋት ምጣድ በ220 ቮልት 16 አምፔር ገደማ ስለሚስብ፣ ለአምፖል ተብሎ ከጎረቤት የተዘረጋ ቀጭን ሽቦ ይህን ተሸክሞ አይዘልቅም፤ ይግላል፣ ሽፋኑ ይቀልጣል፣ እሳትም ያስነሳል።