ሰው በሞላበት ካምፕ ብቸኝነት፦ የፒልባራ ማዕድን ሠራተኞች ኑሮ

በምዕራብ አውስትራሊያ ሰሜናዊ ክፍል የሚገኘው ፒልባራ አፈሩ እንደ ዝገት የቀላ፣ ነዋሪው የሳሳ በረሃማ ምድር ነው። ከፍተኛ የብረት ማዕድን ከሚወጣባቸው የዓለም ስፍራዎች አንዱ ቢሆንም፣ ከሠራተኞቹ ብዙዎቹ የአካባቢው ነዋሪዎች አይደሉም። ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ ከምትርቀው ከፐርዝ በአውሮፕላን ይመጣሉ፤ ተራቸውን ሲጨርሱም በአውሮፕላን ይመለሳሉ።

በተለመደው አንድ አሠራር ሁለት ሳምንት ተሠርቶ አንድ ሳምንት ይታረፋል። የሥራው ቀን 12 ሰዓት ነው። በሞቃታማዎቹ ወራት ሙቀቱ ከ45 ዲግሪ ሴልሺየስ የሚያልፍባቸው ቀናት አሉ። ማደሪያው ተገጣጥሞ የመጣ ጠባብ ክፍል ሲሆን ምግብ በጋራ አዳራሽ ይቀርባል።

ካምፑ በሰው የተሞላ ነው። ብቸኝነቱ የሚመነጨው ከሰዓቱ አደላደል ነው። የቀኑ ፈረቃ ሲነሣ የሌሊቱ ይተኛል፤ ስለዚህ በር ላይ ቆሞ መጨዋወት እንኳ የደከመን ሰው መቀስቀስ ይሆናል። በአንዳንድ ካምፖች ደግሞ ሠራተኛው ከዕረፍት በተመለሰ ቁጥር ሌላ ክፍል ይሰጠዋል። ጎረቤቱም አብሮ ይለወጣል። ቡና ተጠራርቶ መጠጣት ለለመደ ሰው ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

በቤት በኩልም ልደቱ፣ ሕመሙ፣ ለቅሶው ሠራተኛው በሌለበት ያልፋል። ሲመለስ ቤተሰቡ ያለ እሱ መኖርን ለምዶ ይጠብቀዋል። የዕረፍቱ የመጀመሪያ ቀናት በእንቅልፍ፣ የመጨረሻዎቹ በመሄድ ሐሳብ ያልቃሉ። ደመወዙ ከፍ ያለ በመሆኑ ማማረር ያሳፍራል፤ የቤት ዕዳ የገባም ሥራውን በቀላሉ አይተውም።

የሠራተኞች ራስን ማጥፋት ስጋት ካስነሣ በኋላ የግዛቲቱ ምክር ቤት ኮሚቴ ጉዳዩን መርምሮ እ.አ.አ. በ2015 ሪፖርት አወጣ። ከነቀፋቸው ልማዶች አንዱ የክፍል መቀያየሩ ነበር። በ2019 የግዛቲቱ መንግሥት የሠራተኞቹን የአእምሮ ጤና የሚመለከት የአሠራር ደንብ አወጣ። በ2022 የቀረበ ሌላ የምክር ቤት ሪፖርት ደግሞ በማዕድን ካምፖች በሴቶች ላይ የሚደርሰውን ጾታዊ ትንኮሳ ይፋ አድርጓል። ከቤተሰብ መራቁን ሁሉም ይጋሩታል፤ በር ሲንኳኳ መስጋት ግን የሴቶቹ ተጨማሪ ሸክም ነበር።

ዛሬ አንዳንድ ግዙፍ የጭነት መኪኖች ያለ ሾፌር ይሄዳሉ፤ የሚከታተሏቸውም ፐርዝ ተቀምጠው ነው። እነዚህ ባለሙያዎች ተራቸው ሲያበቃ ወደ ቤታቸው ይገባሉ። መካኒኮቹ፣ የፈንጂ ባለሙያዎቹ፣ ምግብ አብሳዮቹና ጽዳት ሠራተኞቹ ግን አሁንም አውሮፕላን ይሳፈራሉ።