የዕቁብ ብር፣ የታክስ ወረቀትና የአሜሪካ የቤት ፖሊሲ

ከታክሲ ነጂዎችና ከሱቅ ባለቤቶች ዘወትር የሚነሳ አንድ ጥያቄ አለ። «በወር 2,200 ዶላር ኪራይ አንድም ቀን ሳላሳልፍ እከፍላለሁ። ታዲያ ባንኩ በወር 1,800 የሚከፈልበትን ቤት አትችልም የሚለኝ በምን ሒሳብ ነው?» ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሱን ለማግኘት ግን የባንኩን ሠራተኛ ከመውቀስ በፊት፣ የአሜሪካ መንግሥት ከዘጠና ዓመት በፊት በቤት ጉዳይ የመረጠውን መንገድ ማወቅ ያስፈልጋል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከ1930ዎቹ በፊት በዚህ አገር ቤት የሚገዛ ሰው የዋጋውን ግማሽ ያህል ከኪሱ ያወጣ ነበር። ቀሪውን የሚበደረው ለሦስት፣ ለአምስት፣ ቢበዛ ለአሥር ዓመት ነው። ብዙውን ጊዜ በየወሩ ወለድ ብቻ ሲከፍል ይቆይና ቀኑ ሲደርስ ዋናውን ገንዘብ ባንድ ጊዜ ይጠየቃል፤ ካልሆነም ብድሩን እንዲያድሱለት ይለምናል። ከ1929 በኋላ ኢኮኖሚው ሲወድቅ ባንኮች ማደሱን አቆሙና እጅግ ብዙ ሰው ቤቱን ተነጠቀ። የፕሬዚዳንት ሩዝቬልት መንግሥት በ1934 ባወጣው ሕግ የፌዴራል ቤቶች አስተዳደርን፣ ማለትም ዛሬም ኤፍ ኤች ኤ እየተባለ የሚጠራውን መሥሪያ ቤት አቋቋመ። ይህ መሥሪያ ቤት ለገዢው ቤት አልሠራለትም፣ ገንዘብም አላበደረውም። ያደረገው ነገር ቢኖር ለባንኩ ዋስ መሆን ነው፤ «ተበዳሪው ባይከፍልህ እኔ እከፍልሃለሁ» አለው። ዋስ ያገኘ ባንክ ደፈረ። ብድሩ መጀመሪያ ሃያ፣ በኋላም ሠላሳ ዓመት ሆነ፤ የወሩ ክፍያም እኩል እኩል ተደለደለ። በ1938 ደግሞ ፋኒ ሜ የተባለው ድርጅት ተቋቁሞ ብድሮቹን ከባንኮች መግዛት በመጀመሩ ባንኮቹ እንደገና የሚያበድሩት ገንዘብ አገኙ። ከጦርነት ለተመለሱ ወታደሮችም በ1944 ተመሳሳይ ዋስትና ተሰጠ። በ1940 በራሱ ቤት የሚኖረው ከመቶ 44 ያህል ቤተሰብ የነበረ ሲሆን በ1960 ቁጥሩ 62 ደረሰ።

እንግዲህ የዚህ አገር የቤት ፖሊሲ ዋናው ምሰሶ ዋስትና ነው። ለተከራይ የሚሰጥ እርዳታ የለም ማለት አይደለም፤ ከ1937 ጀምሮ የመንግሥት ቤቶች፣ ከ1974 ጀምሮ ሴክሽን 8፣ ከ1986 ጀምሮ ደግሞ ርካሽ ቤት ለሚሠሩ ባለሀብቶች የሚሰጥ የታክስ ቅናሽ አለ። ነገር ግን የኪራይ እርዳታ ከሚገባቸው ቤተሰቦች የሚያገኘው ከአራት አንድ ያህሉ ብቻ ነው። ተራ ጠባቂው ዓመታት ይጠብቃል። ሠርቶ ለሚያድር ስደተኛ የቀረለት የዋስትናው በር ነው፤ ዋስ የሚሆን ሰው ደግሞ ወረቀት ይጠይቃል።

ይህ በር ለሁሉም የተከፈተ አልነበረም። ኤፍ ኤች ኤ ራሱ ለአሥርተ ዓመታት ጥቁሮች በሚኖሩባቸው ሰፈሮች ዋስ አልሆንም ይል ነበር፤ እነዚህ ሰፈሮች በካርታ ላይ በቀይ ቀለም ይመለከቱ ነበር። «ለጥቁር አይሸጥም» የሚል ውል በቤት ሰነድ ላይ መጻፍም የተለመደ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1948 እንዲህ ያለውን ውል ፍርድ ቤቶች ሊያስፈጽሙ አይችሉም ብሎ ወሰነ፤ መድልዎው ራሱ ግን በሕግ የተከለከለው ማርቲን ሉተር ኪንግ ከተገደለ ከሳምንት በኋላ፣ በኤፕሪል 1968 ነው። ኪንግ በተገደለ ሰሞን በዋሽንግተን ዲሲ ከተቃጠሉት መንገዶች አካባቢ፣ በዩ ስትሪትና በ9ኛው መንገድ ዙሪያ፣ ብዙ ቆይቶ ወገኖቻችን ምግብ ቤትና ሱቅ ከፈቱ። ለዓመታት ባንክ ፊቱን ያዞረበት ሰፈር በመሆኑ ኪራዩ የሚቻል ነበር። ሰፈሩ ሲለማ ኪራዩ ናረ፤ ብዙዎች ወደ ሲልቨር ስፕሪንግና ወደ አሌክሳንድሪያ ሄዱ። ሕንፃውን የገዛ ተጠቀመ፣ የተከራየ ግን ለቀቀ።

ከ2000 በኋላ ባሉት ዓመታት በሩ ከልክ በላይ ተበረገደ። የታክስ ወረቀት ሳይጠየቅ «ገቢዬ ይህን ያህል ነው» ብሎ በመጻፍ ብቻ ብድር የሚገኝበት ጊዜ መጣ። ገቢያቸው በጥሬ ገንዘብ ለሆነ ሰዎች የተመቸ መስሎ ነበር፤ ወለዱ ከሁለት ዓመት በኋላ ሲዘል ግን ብዙ ቤት በሐራጅ ተሸጠ። በ2008 መንግሥት ፋኒ ሜንና ወንድሙን ፍሬዲ ማክን በሞግዚትነት ያዘ። በ2010 ዶድ ፍራንክ የተባለው ሕግ ወጣ፤ በእርሱ መሠረት ከጃንዋሪ 2014 ጀምሮ አበዳሪው የተበዳሪውን የመክፈል አቅም በሰነድ የማረጋገጥ ግዴታ አለበት። ሕጉን አልነቅፍም፤ ያለፈውን ያየ አይነቅፈውም። ነገር ግን በደመወዝ ወረቀት ለሚኖር ሰው የተሰፋ ልብስ ነው። የራሱን ሥራ የሚሠራ ሰው ሲለብሰው ይጠብበታል።

አሁን ወደ ጥያቄው እንመለስ። አበዳሪው የሚያየው በዓመቱ የገባላችሁን ገንዘብ ሳይሆን ስኬጁል ሲ ላይ ወጪው ሁሉ ተቀንሶ የቀረውን የተጣራ ትርፍ ነው። ኤፍ ኤች ኤ በመደበኛው የሁለት ዓመት የግል ሥራ ይጠይቃል። የሁለቱን ዓመት አማካይ ይወስዳል፤ የኋለኛው ዓመት ካነሰ ያነሰውን ይይዛል። በተለመደው መለኪያ የቤቱ ክፍያ ከወር ገቢ ከመቶ 31፣ ከመኪናና ከክሬዲት ካርድ ዕዳ ጋር ተደምሮ ከመቶ 43 እንዳያልፍ ይፈለጋል፤ ጥሩ ክሬዲት ላለው ሰው ከዚያ በላይ የሚፈቀድበት ጊዜም አለ። በየዓመቱ አካውንታንቱን «ታክሱን ዝቅ አድርግልኝ» እያልን የምናስጽፈው ወረቀት ይኸው ነው። አካውንታንቱም የሚመሰገነው ዝቅ ባደረገው መጠን ነው። በማርች የተመሰገነበት ወረቀት በመስከረም ቤት ያስከለክላል።

ምሳሌ እንውሰድ። አንድ ታክሲ ነጂ በ2024 ዓመት 82,000 ዶላር ገባለት እንበል። 40,000 ማይል ለሥራ ነዳ። የዚያ ዓመት የታክስ መሥሪያ ቤቱ ተመን በማይል 67 ሳንቲም ስለነበረ 26,800 ዶላር ይቀነስለታል። ለኮሚሽን፣ ለስልክ፣ ለመንገድ ቀረጥና ለመሳሰለው ሌላ 19,200 አወጣ። የተጣራው 36,000፣ በወር 3,000 ይሆናል። ከዚህ 31 በመቶው 930 ዶላር ነው፤ በዚህ ገንዘብ በዋሽንግተን አካባቢ ቤት አይገኝም።

ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር እዚህ ላይ ነው። ከ67ቱ ሳንቲም ውስጥ 30ው ለነዳጅ ወይም ለጥገና የወጣ ሳይሆን መኪናው በማርጀቱ የሚታሰብ ቅናሽ ነው። ከኪስ የወጣ ጥሬ ገንዘብ ስላልሆነ የብድር ደንቡ አበዳሪው ወደ ገቢ መልሶ እንዲደምረው ይፈቅዳል። የእኛ ነጂ 40,000 ማይል በ30 ሳንቲም ሲባዛ 12,000 ዶላር ይመለስለታል፤ ገቢው 48,000፣ በወር 4,000 ይሆናል። 31 በመቶው ወደ 1,240 ከፍ ይላል። ተመኑ በየዓመቱ ስለሚለዋወጥ ለእያንዳንዱ ዓመት የራሱን መጠቀም ነው። ማይል ትቶ ትክክለኛ ወጪውን የሚያስመዘግብም በስኬጁል ሲ ላይ ለመኪና እርጅና የተቀነሰው ይመለስለታል። ብድር የሚያዘጋጀው ሠራተኛ ሁሉ ይህን አስታውሶ አይሠራም፤ ስለዚህ ጠይቁት። ማይሉ የተጻፈበት መዝገብ ግን ይኑራችሁ። በግምት የተጻፈ ማይል ለታክስም ለብድርም መከራ ያመጣል።

ቀጥሎ የቅድሚያ ክፍያው ጉዳይ ነው። ክሬዲቱ 580 ወይም ከዚያ በላይ የሆነ ሰው በኤፍ ኤች ኤ 3.5 በመቶ ይከፍላል፤ የዋስትናው ዋጋም 1.75 በመቶ በመጀመሪያ፣ ከዚያም በየዓመቱ የሚታሰብ አለ። አበዳሪው ገንዘቡ ከየት እንደመጣ ይጠይቃል። እዚህ ላይ ብዙ ወገን ዕቁቡን ይደብቃል። ዕጣ ደርሶት የወሰደውን 15,000 ዶላር በጥሬው ባንክ ያስገባና «ከየት ነው?» ሲሉት «ወንድሜ ሰጠኝ» ይላል። ስህተት ነው፤ ወንድም ደብዳቤ እንዲፈርምና የራሱን ባንክ እንዲያሳይ ይጠየቃል። ደግሞም መዋሸት አያስፈልግም። የኤፍ ኤች ኤ ደንብ አባላት በራሳቸው የሚያስተዳድሩትን የቁጠባ ማኅበር ያውቀዋል፣ ገንዘቡንም ይቀበላል። የሚፈልገው ዕቁቡ መቼ እንደተጀመረና ምን ያህል እንደቆየ የሚያሳይ መዝገብ፣ የክፍያ ደረሰኝ፣ ከገንዘብ ያዡ የተጻፈ ማረጋገጫና ገንዘቡ ብድር አለመሆኑን ነው። ስለዚህ ጸሐፊውን ቀደም ብላችሁ መዝገቡን በሥርዓት እንዲይዝ ንገሩት። በፋኒ ሜ ደንብ ደግሞ ዕጣው ከወጣላችሁ በኋላ ገና የምትጥሉት ካለ ወርኃዊ መዋጮው እንደ ዕዳ ይቆጠራል። በወር 500 ዶላር ጥሎ በሁለተኛው ዙር የወሰደ ሰው በየወሩ 500 ዶላር ዕዳ እንዳለበት ይታሰባል፤ በመጨረሻው ዙር የወሰደ ግን ነፃ ነው። ቤት ለመግዛት ያሰበ ሰው ዕጣው ወደ ኋላ ቢሆንለት ይሻለዋል።

የኢሚግሬሽን ወረቀት ነገር በ2025 ተለውጧል። የቤቶችና የከተማ ልማት መሥሪያ ቤት በማርች ወር ባወጣው መመሪያ መሠረት ከሜይ 25 ቀን 2025 ጀምሮ በሥራ ፈቃድ ብቻ ያለ፣ ቋሚ ነዋሪ ያልሆነ ሰው በኤፍ ኤች ኤ ዋስትና አይበደርም። ግሪን ካርድ ያለው እንደ ዜጋው ይስተናገዳል። መመሪያው ኤፍ ኤች ኤን ብቻ ይመለከታል፤ ሌሎች ብድሮች የየራሳቸው ደንብ ስላላቸው ለቤት ምርመራና ለግምት ገንዘብ ከማውጣታችሁ በፊት ስለ ወረቀታችሁ አስቀድማችሁ ጠይቁ።

ለሱቅ ባለቤቶች አንድ ነገር ልጨምር። ኤፍ ኤች ኤ እስከ አራት ቤተሰብ የሚያኖር ሕንፃ ይፈቅዳል፤ ገዢው ግን ራሱ ሊኖርበት ይገባል። ከታች ሱቅ ከላይ መኖሪያ የሆነ ሕንፃም፣ ከጠቅላላው ስፋት ቢያንስ 51 በመቶው መኖሪያ ከሆነ ይገባል። የሱቅ ኪራይ በየዓመቱ ለሚጨምርበት ሰው ይህን አማራጭ ሳያይ ማለፍ አያዋጣም።

ሆኖም ወረቀቱ ሁሉ ተሟልቶ ቤቱ ራሱ የለም የሚባልበት ጊዜ ነው። በ2005 በዚህ አገር ከሁለት ሚሊዮን በላይ መኖሪያ ቤት ግንባታ ተጀምሮ ነበር፤ በ2009 ግን 554,000 ብቻ። የዚያን ጊዜው ጉድለት ለዓመታት አልተሞላም። በጃንዋሪ 2021 የሠላሳ ዓመት ብድር ወለድ 2.65 በመቶ ደርሶ የነበረው በኦክቶበር 2023 ወደ 7.8 በመቶ ወጣ፤ በርካሽ ወለድ የገዛው ቤቱን ለመሸጥ አልፈለገም። ዋሽንግተን ያለው መንግሥት ዋስ ሊሆን ይችላል እንጂ በየሰፈሩ ምን ዓይነት ቤት እንዲሠራ የሚወስነው የየከተማው አስተዳደር ነው። ብዙ ወገኖቻችን የሚኖሩባት ሚኒያፖሊስ በ2018 በአንድ ቦታ አንድ ቤት ብቻ ይሠራ የሚለውን ደንብ ለማንሳት ወሰነች፤ የኦሪገን ግዛትም በ2019 ተከተለች። የከተማው ምክር ቤት በዞን ጉዳይ ስብሰባ ሲጠራ አዳራሹን የሚሞላው አብዛኛውን ጊዜ ቤት ያለው ነው። ተከራዩ በዚያ ሰዓት ታክሲ ላይ ነው።

በመጨረሻ፣ ክሬዲታችሁና ወረቀታችሁ ተሟልቶ በመጣችሁበት አገር ወይም በቀለማችሁ ምክንያት ብድር ወይም ቤት የተከለከላችሁ ከመሰላችሁ፣ የ1968ቱ ሕግ ይጠብቃችኋል። ለቤቶችና የከተማ ልማት መሥሪያ ቤቱ አቤቱታ የሚቀርበው በአንድ ዓመት ውስጥ፣ ክስ የሚመሠረተው በሁለት ዓመት ውስጥ ነው። የእምቢታውን ደብዳቤ አትጣሉ፤ ባንኩ ምክንያቱን በጽሑፍ የመስጠት ግዴታ አለበት።