የከብት በሽታ ድንበር አያውቅም

ባለፈው ሳምንት በማታው ትምህርት «ድንበር» የሚለውን ቃል አነበብን። አንድ አባት እጃቸውን አወጡና «ድንበር ማለት የኔ ማሳና የጎረቤቴ ማሳ የሚለያዩበት ነው» አሉ። ልክ ናቸው። ሌላው ቀጠሉና «አገርም ድንበር አላት» አሉ። ይህም ልክ ነው። ከኋላ የተቀመጡ አንዲት እናት ግን «ታዲያ የከብት በሽታ ሲመጣ ድንበሩ የት ይገባል?» ብለው ጠየቁን። ሁሉም ሳቀ። እኛ መምህሮቻችሁ ግን ጥያቄውን ይዘን አደርን። መልሱን በዚህ ገጽ ጽፈንላችኋል። ቀስ ብላችሁ አንብቡት።

ስሙ ደስታ፣ ሥራው ሐዘን

ሽማግሌዎች «ደስታ» የሚሉት የከብት በሽታ ነበረ። ስሙ ደስታ ይሁን እንጂ ያመጣው ሐዘን ነው። የያዘውን ከብት ያተኩሰዋል። ዓይኑና አፍንጫው ይፈሳል። አፉ ውስጡ ይቆስላል። ከዚያ ተቅማጥ ይይዘዋል። ብዙ ቀን ሳይቆይ ይሞታል። በሽታው ሰውን አይዝም። ሰውን የሚገድለው በረሃብ ነው።

በ1880 ዓ.ም. ገደማ ለኢጣሊያ ጦር የመጡ ከብቶች በምጽዋ ወደብ ገቡ። በሽታውም አብሮአቸው ገባ። ከምጽዋ ወደ ትግራይ፣ ከዚያም ወደ መላው አገር ተዛመተ። የታሪክ ጸሐፊዎች ከ10 ከብት 9ኙ ሳያልቅ አልቀረም ይላሉ። በሬ የሌለው ገበሬ በምን ይረስ? ሰው መሬቱን በዶማ ቆፈረ። ዐፄ ምኒልክም ራሳቸው ዶማ ይዘው ቆፍረው አሳዩ። ቢሆንም ረሃቡ ብዙ ሕዝብ ጨረሰ። ያንን ዘመን አያቶቻችን «ክፉ ቀን» አሉት።

በሽታው በእኛ አገር አላበቃም። ከአገር ወደ አገር እየተሻገረ 10 ዓመት ሳይሞላ ደቡብ አፍሪካ ደረሰ። ድንበር ላይ ቁም ያለው የለም።

እረኛ ለምን ይሻገራል?

ብዙዎቻችሁ ሰኞ ሰኞ ባቲ ገበያ ትወጣላችሁ። እዚያ የአፋር ወንድሞቻችን ግመል፣ ከብትና ፍየል ይዘው ይመጣሉ። የአፋር ሕዝብ የሚኖረው በ3 አገሮች ነው። እነዚህም ኢትዮጵያ፣ ጂቡቲና ኤርትራ ናቸው። እረኛው ዝናብ የጣለበትን አይቶ ይሄዳል። ሣሩ ማዶ ከሆነ ማዶ ይሻገራል። ሕግ ልጣስ ብሎ አይደለም። ከብቱ እንዳይሞትበት ነው።

«እንግዲያው ድንበሩ ለምን አይዘጋም?» የሚል አይጠፋም። ቢዘጋ እረኛው በሌሊት ይሻገራል። ውሃውም ዘመዱም ማዶ ነውና። ያን ጊዜ የማን ከብት ተከትቧል፣ የማንስ አልተከተበም የሚለውን የሚያውቅ አይኖርም። የተደበቀ መንጋ የተደበቀ በሽታ ይዞ ይዞራል።

ፍሙን ትቶ መተኛት

ለዚህ በሽታ ጥሩ ክትባት ተገኘለት። አንድ ጊዜ የተከተበ ከብት ዕድሜውን ሙሉ አይያዝም። (ከዚህ በታች «እ.ኤ.አ.» የሚል ስታዩ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ማለት ነው። ከኛ በ7 ወይም በ8 ዓመት ይቀድማል።) እ.ኤ.አ. ከ1962 እስከ 1976 የአፍሪካ አገሮች በአንድነት ዘመቻ ከፍተው ከብታቸውን ከተቡ። በሽታው ሊጠፋ ተቃረበ። ነገር ግን ከከተማ በራቁና ድንበር በሚያዋስናቸው ጥቂት ቦታዎች ተደብቆ ቀረ። አገሮቹ «ጨረስን» ብለው ክትባቱን አላሉት። ነገሩ እሳት አጥፍቶ ፍሙን ትቶ እንደ መተኛት ሆነ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ በሽታው እንደገና ተነሣ። ብዙ ከብትም ፈጀ።

ስለዚህ እ.ኤ.አ. በ1986 ሁለተኛ ዘመቻ ተጀመረ። ከ30 የሚበልጡ የአፍሪካ አገሮች ገቡበት። የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የእንስሳት ሀብት ቢሮ ከናይሮቢ ሆኖ አስተባበረው። ሐሳቡ ቀላል ነው። ጎረቤታሞች በአንድነት ይከትባሉ። በሽታ ያየ አገር አይደብቅም፣ ለሌላው ይናገራል። የከብት ደም እየተመረመረ ክትባቱ መያዙ ይረጋገጣል።

አንድ ችግር ግን ቀረ። የፊተኛው ክትባት በረዶ ካልያዘ ይበላሻል። በአፋር ሙቀት በረዶ ከየት ይመጣል? መኪናስ በየት ይሄዳል? በኋላ ያለ በረዶ አንድ ወር ያህል የሚቆይ ክትባት ተሠራ። እ.ኤ.አ. በ1994 ከአፋር ከራሱ ሕዝብ መካከል ሰዎች ተመርጠው መክተብን ተማሩ። ቁጥራቸው 20 ያህል ብቻ ነበር። እነሱ ግን ከ70 ሺህ በላይ ከብት ከተቡ። የውሃውን ጉድጓድ ያውቃሉ። የመንጋውን መንገድ ያውቃሉ። መንጋው በሄደበት በእግራቸው ይሄዳሉ። ባለመኪናው ያልደረሰበት እነሱ ደረሱ።

በኢትዮጵያ በሽታው ለመጨረሻ ጊዜ የታየው እ.ኤ.አ. በ1995 ነው። በዓለም ደግሞ ለመጨረሻ ጊዜ የተገኘው እ.ኤ.አ. በ2001 በኬንያ፣ በዱር ጎሾች ላይ ነው። ሰኔ 21 ቀን 2003 ዓ.ም. የዓለም የምግብና የእርሻ ድርጅት «ደስታ ከምድር ጠፍቷል» ብሎ አወጀ። የሰው ልጅ ከምድር ያጠፋቸው በሽታዎች ሁለት ብቻ ናቸው። አንደኛው ፈንጣጣ ነው። ሁለተኛው ይህ ነው።

የቀረው ሥራ

ይህን ስንነግራቸው አንድ ተማሪያችን አንገታቸውን ደፉ። «አምና ፍየሌ ስትታመም ቶሎ ብዬ ገበያ አወጣኋት። የገዛኝ ሰው መንጋ ምን ሆነ ይሆን?» አሉ። ማንም አልሳቀም።

በበግና በፍየል ላይ የሚመጣ የ«ደስታ» ዘመድ የሆነ በሽታ ዛሬም አለ። ባለሙያዎች «ደስታ መሰል» ይሉታል። እሱም ያተኩሳል፣ አፍ ያቆስላል፣ ያስቀምጣል። እሱም ክትባት አለው። የዓለም አገሮች እስከ እ.ኤ.አ. 2030 ድረስ ሊያጠፉት አቅደዋል። የምሥራቅ አፍሪካ አገሮች ማኅበር ኢጋድም እረኞች በታወቀ መንገድ፣ ከብታቸውን አስከትበው እንዲሻገሩ የሚል ስምምነት አዘጋጅቷል። ስምምነቱ ወረቀት ነው። ወረቀቱን ሥራ የሚያደርገው ከብቱን የያዘው ሰው ነው።

«ብንናገር ገበያው ይዘጋብናል» ያሉም አሉ። ፍርሃታቸው እውነት ነው። ገበያ ሲዘጋ የሚጎዳው ድሃው ነው። ለዚህ ነው የተናገረ ሰው ቶሎ ሊረዳ እንጂ ሊቀጣ የማይገባው። ነገር ግን ገበያ ለጥቂት ሳምንት ቢዘጋ ይከፈታል። መንጋ ካለቀ ግን የሚሸጥ ነገር የለም። አገሮች ያደረጉትም ይህንኑ ነው። በመጀመሪያው ዘመቻ የተደበቀው በሽታ ሁሉንም ጎዳ። በሁለተኛው የተነገረው ሁሉንም አዳነ።

እንግዲህ ለእናታችን ጥያቄ መልሳችን ይኸው። በሽታ ሲመጣ ድንበሩ የትም አይገባም፣ እዚያው ነው። በሽታውን ግን አያስቆመውም። የሚያስቆመው በድንበሩ በወዲህና በወዲያ ያሉ ሰዎች እውነቱን ሲነጋገሩ ነው።

ተወያዩበት

1. «ደስታ» በመጀመሪያው ዘመቻ ለምን አልጠፋም?
2. 20 ሰዎች ከ70 ሺህ በላይ ከብት ለመክተብ የቻሉት ለምንድን ነው?
3. በእናንተ ቀበሌ ፍየል ስትታመም መጀመሪያ ለማን ይነገራል? ለማንስ ሊነገር ይገባል?