ለሌለ ዓለም የተሠራ የዘመን ቀመር

ምድር ፀሐይን አንድ ጊዜ ዞራ ለመጨረስ 365 ቀን ከሩብ ገደማ ይፈጅባታል፤ ይህ ቁጥር ለሠላሳም ሆነ ለሰባት እኩል ስለማይካፈል፣ የዘመን አቆጣጠር ታሪክ በአመዛኙ ትርፎቹ ቀናት የት ይግቡ የሚለው ጥያቄ ታሪክ ነው። ለልብ ወለድ ዓለም የዘመን ቀመር የሚያወጣ ደራሲ ግን ዓመቱን 360 ወይም 400 ቀን ቢያደርገው ከልካይ ስለሌለው፣ ከዚህ ጣጣ በቀላሉ ያመልጣል፤ የሚቀረው ለወራቱ እንግዳ ስም ማውጣት ብቻ ነው። እንዲህ ያለው ቀመር ንጹሕ ቢሆንም፣ ትውልድ ተከራክሮበትና አሻሽሎት የኖረበት ስለማይመስል ሕይወት የለውም። እንግሊዛዊው ደራሲ ጄ. አር. አር. ቶልኪን በ«የቀለበቶቹ ጌታ» ሦስተኛ ቅጽ መጨረሻ ላይ እ.ኤ.አ. በ1955 ያሳተመው ስለ ዘመን አቆጣጠር የሚናገር አባሪ ከሌሎች የሚለየው ትርፎቹን ቀናት ባለመሸሹ ነው።

ሆቢት የተባሉት፣ ቁመታቸው አጭር የሆነና እርሻና ድግስ የሚወዱ የልብ ወለዱ ሰዎች፣ ሻየር በተሰኘው አገራቸው የሚመሩበት ዓመት እያንዳንዳቸው 30 ቀን ያላቸው 12 ወራት ሲኖሩት፣ አምስቱ ትርፍ ቀናት ከየትኛውም ወር አይቆጠሩም። ለኢትዮጵያዊ አንባቢ ስሌቱ ብዙ ማብራሪያ አይሻም፤ ልዩነቱ ያለው በአቀማመጡ ላይ ነው። የጳጉሜን ቀናት በዓመቱ ማብቂያ ተሰብስበው ሲውሉ፣ የሻየሮቹ ለሁለት ተከፍለዋል፤ ዩል የተባሉት ሁለት ቀናት በክረምቱ ብርድ መካከል አንዱ አሮጌውን ዓመት ዘግቶ ሌላው አዲሱን ሲከፍት፣ ላይዝ የሚባሉት ሁለቱና በመካከላቸው ያለው የእኩለ ዓመት ቀን በስድስተኛውና በሰባተኛው ወር መካከል በበጋው አናት ላይ ይውላሉ። በየአራት ዓመቱ የሚጨመረው ቀን፣ ማለትም ኦቨርላይዝ፣ ከእኩለ ዓመት ቀን ቀጥሎ ታላቅ ግብዣ የሚደረግበት ዕለት ነው። ስድስተኛዋ የጳጉሜን ቀን በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ ሳትቀር በየአራት ዓመቱ ስትመጣ፣ ኦቨርላይዝ ግን በክፍለ ዘመኑ መጨረሻ ዓመት ይቀራል፤ በዚህም ምክንያት የሆቢቶቹ ዓመት በአማካይ 365.24 ቀን ስለሚሆን፣ ከፀሐይ ጋር አንድ ቀን ለመተላለፍ ከ400 ዓመታት በላይ ይፈጅበታል።

ከሁሉ የሚያስደንቀው ግን ቶልኪን «የሻየር ተሐድሶ» ያለው ማሻሻያ ነው። 365 ቀን 52 ሳምንት ከአንድ ቀን ስለሆነ፣ የአንድ ወር አንደኛ ቀን ዘንድሮ ሰኞ ቢውል በሚቀጥለው ዓመት ማክሰኞ ይውላል፤ የጨመረው ቀን ያለበት ዓመት ካለፈ ደግሞ ሁለት ቀን ይገፋል። ሆቢቶች ይህ ሥርዓት አልባነት ስላልተመቻቸው የእኩለ ዓመት ቀንንና ኦቨርላይዝን ከሳምንቱ ቀናት ውጭ አደረጓቸው፤ ስለዚህ እነዚህ ዕለታት ሰኞም ማክሰኞም አይባሉም፤ ዓመቱም ልክ 52 ሳምንት ሆኖ፣ ማንኛውም ዕለት ለዘለዓለም በአንድ የሳምንት ቀን ላይ ጸና። ከዚያ ወዲያ በደብዳቤና በማስታወሻ ላይ የሳምንቱን ቀን መጻፍ ትርፍ ድካም ሆኖ ተተወ።

የዚህ ማሻሻያ ትርጉም በአንድ የተለመደ አባባል ይመዘናል። ሰኔ በሰኞ ሲብት ክፉ ዘመን ነው የሚለው ብሂልና «ሰኔና ሰኞ ገጠመ» የሚለው አነጋገር ሊወለዱ የቻሉት፣ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ይህ ግጥሚያ በአምስት፣ በስድስት ወይም በአሥራ አንድ ዓመት አንድ ጊዜ ብቻ ስለሚመጣ ነው። በሻየር ግን እንዲህ ያለው ነገር ወይ በየዓመቱ ይሆናል ወይ ከቶ አይሆንም፤ ሆቢቶችም ብሂላቸውን የሠሩት በማይሆነው ላይ ነው። ዓመቱ ሁልጊዜ በቅዳሜ ስለሚጀምር ወራቱ በእሑድ፣ በማክሰኞ፣ በሐሙስ፣ በቅዳሜ፣ በሰኞና በረቡዕ ይብታሉ፤ ከእኩለ ዓመት በኋላም ይኸው ቅደም ተከተል ይደገማል፤ በዓርብ የሚብት ወር የለም። ስለዚህ አሳማ የሚበርበትን ወይም ዛፍ የሚራመድበትን ቀን፣ ማለትም ፈጽሞ የማይመጣውን ዕለት፣ ወሩ በባተበት ዓርብ ይሉታል። መጽሐፉን ያነበበ ሰው ዛፎቹ በመጨረሻ መራመዳቸውን ስለሚያውቅ በዚህ ፈገግ ማለቱ አይቀርም።

ተመሳሳይ ሐሳብ በእውኑ ዓለም ቀርቦ ሳይሳካ ቀርቷል። አሜሪካዊቷ ኤልሳቤጥ አኬሊስ እ.ኤ.አ. በ1930 ያቋቋመችው ማኅበር ሲቀሰቅስለት የኖረው የዓለም የዘመን አቆጣጠር፣ በየዓመቱ መጨረሻ ላይ ከሳምንቱ ቀናት ውጭ የሆነ አንድ ቀን ያስገባ ስለነበር፣ ሳይቋረጥ የመጣውን የሰባት ቀን ዑደት የሚሰብርና ሰንበትን ከቦታዋ የሚያነሣ ሆኖ በሃይማኖት ተቋማት ዘንድ ጽኑ ተቃውሞ ገጠመው። ሆቢቶች ግን ሰንበት የላቸውም፤ ከሳምንቱ ዓርብን የሚያከብሩት ለዕረፍትና ለማታ ግብዣ ብቻ ነው። ተሐድሶው ያለ ጠብ የተፈጸመው፣ ደራሲው ዋናውን ተከራካሪ ከጉባኤው አስቀድሞ ስላስወጣው ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

የወራቱ ስሞችም በዘፈቀደ የወጡ አይደሉም። ቢድ የተባለው እንግሊዛዊ መነኩሴ እ.ኤ.አ. በ725 ባጠናቀቀው የዘመን ስሌት መጽሐፉ ውስጥ የአረማዊ አባቶቹን ወራት ዘርዝሯል፤ ግንቦት አካባቢ የሚውለው ወር ላሞች በቀን ሦስት ጊዜ ስለሚታለቡበት፣ ኅዳር አካባቢ ያለው ደግሞ ከብት ለመሥዋዕት ስለሚታረድበት እንደተሰየሙ ይናገራል። በኦክስፎርድ የጥንታዊ እንግሊዝኛ ፕሮፌሰር የነበረው ቶልኪን እነዚህን ስሞች የገበሬ አፍ እንዳለሰለሳቸው አድርጎ ለሻየር አወረሳቸው። ቢድ እንደሚለው ጥንታውያኑ ወራታቸው ከፀሐይ ወደ ኋላ ሲቀር አንድ ሙሉ ወር የሚጨምሩት በበጋ፣ በላይዝ ወራት ላይ ነበር፤ ኦቨርላይዝም የገባችው እዚያው ቦታ ላይ ነው።

የማይሞቱት ኤልፎች ደግሞ አንድ ዓመት አጭር ስለሚሆንባቸው የሚቆጥሩት በ144 ዓመት ነው፤ ሳምንታቸውም ስድስት ቀን ነው። የሰዎቹ መንግሥት ጎንዶር በበኩሉ፣ ጠላት ከወደቀ በኋላ፣ የወደቀበትን የመጋቢት ቀን፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መጋቢት 25ን፣ የአዲስ ዓመት መጀመሪያ አደረገው። ቶልኪን አጥባቂ ካቶሊክ በመሆኑ ዕለቱ በምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን የብሥራት በዓል መሆኑን፣ በእንግሊዝም እስከ እ.ኤ.አ. 1752 ድረስ ሕጋዊው ዓመት ከዚሁ ቀን ይቆጠር እንደነበር ሳያውቅ የመረጠው አይመስልም። አዲሱ አቆጣጠር በንጉሡ ግዛት ሁሉ ሲጸና ሻየር ብቻ የቀድሞውን ይዛ ቀረች፤ ሆቢቶቹም አዲስ ዘመን ገብቷል ከተባለ የገባው በራሳቸው አቆጣጠር በ1422 በሁለተኛው የዩል ቀን እንጂ ባለፈው መጋቢት አይደለም ብለው ጸኑ።