በሥዕል ውስጥ ስላለ ሥዕል

የሰውን ልቡና ቶሎ ከሚያነቁት ነገሮች አንዱ፥ ዓይን ጀምሮት አሳብ ሊጨርሰው የማይችለው ነገር ነው። ፊት ለፊት በቆሙ ሁለት መስተዋቶች መካከል የገባ ሰው መልኩ እየተደጋገመ፥ እያነሰና እየራቀ ሲሄድ ያያል እንጂ የመጨረሻውን መልኩን ለይቶ ሊቈጥረው አይችልም። የአውሮፓ ሠዓሊዎች ይህንኑ ነገር ያለ መስተዋት፥ በቀለምና በእርሳስ ብቻ ሠርተውታል። ሥራቸውም ለታላላቆች መደነቂያ፥ ለልጆች መጠየቂያ ስለ ሆነ፥ በዚህ በቤተ ሰብ ገጽ ጥቂት ልንነግራችሁ ወደድን። ዘመኑንም የምንቈጥረው እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

ጆቶ የተባለው የኢጣልያ ሠዓሊ በ1320 ዓመት ገደማ ለካርዲናል ስቴፋኔስኪ ባለ ሦስት ክፍል የመሠዊያ ሥዕል ሠራ። በዚያም ሥዕል ውስጥ ካርዲናሉ ተንበርክኮ፥ ያንኑ ባለ ሦስት ክፍል ሥዕል በትንሹ ተሠርቶ በእጁ ይዞ፥ ለቅዱስ ጴጥሮስ ሲያቀርብ ይታያል። ሥዕሉ ዛሬ በቫቲካን የሥዕል ቤት ይገኛል። በእኛም አገር የብራና ወንጌል የሚገልጥ ሰው፥ ወንጌላዊው ብርዕ ይዞ ወንጌሉን ሲጽፍ በዚያው በወንጌሉ መጀመሪያ ተሥሎ የሚያገኝበት ጊዜ አለ። መጽሐፉ የራሱን መጻፍ ያሳያል ማለት ነው።

ነገሩን በየቤቱ ያስገባው ግን ነጋዴ ነው። በሆላንድ አገር ሐርለም በተባለው ከተማ የነበረው የድሮስተ የካካዎ ፋብሪካ በ1904 ዓመት ገደማ ለዱቄቱ መያዣ አንድ የቆርቆሮ ጣሳ አወጣ። በጣሳው ላይ ነጭ የራስ መሸፈኛ ያደረገች አስታማሚ ትሪ ይዛ ተሥላለች። በትሪው ላይ አንድ ሲኒና ያው የካካዎ ጣሳ አለ። በዚያም ጣሳ ላይ ያችው ሴት ያንኑ ትሪ ይዛለች። ይህ ጣሳ እጅግ ስለ ታወቀ፥ ራሱን በራሱ ውስጥ የያዘ ሥዕል ሁሉ ዛሬ በፋብሪካው ስም ይጠራል።

እንግዲህ ጥቂት እናስላ። የመጀመሪያዪቱ ሴት ቁመት 10 ሳንቲሜትር ቢሆን፥ እያንዳንዱም ሥዕል ከፊተኛው አንድ አምስተኛ ቢሆን፥ ሁለተኛዪቱ 2 ሳንቲሜትር፥ ሦስተኛዪቱ 4 ሚሊሜትር ትሆናለች፤ አራተኛዪቱ ግን አንድ ሚሊሜትር እንኳ አትሞላም። ከዚያ ወዲያ የሠዓሊው እጅ ይደክማል፤ የተመልካቹ አሳብ ግን መንገዱን ይቀጥላል። ስለዚህ መጨረሻ የሌለው ነገር የሚገኘው በጣሳው ላይ ሳይሆን በሚያየው ሰው ልቡና ውስጥ ነው።

በ1898 የተወለደው የሆላንድ ሰው ኤሸር ይህን ጥበብ ከሁሉ አራቀው። በ1956 ባሳተመው ሥዕል አንድ ወጣት በሥዕል ማሳያ አዳራሽ ቆሞ በግድግዳ የተሰቀለ ሥዕል ያያል። በሥዕሉ ውስጥ የማልታ የወደብ ከተማ አለ፤ ዓይን ቤቶቹን እየተከተለ ሲዞር፥ ከቤቶቹ በታች ያንኑ አዳራሽ፥ በአዳራሹም ውስጥ ያንኑ ወጣት ያገኛል። ወጣቱ ሥዕሉን ያያል፤ ሥዕሉም ወጣቱን ይዞታል። ኤሸር መካከሉን ነጭ አድርጎ ትቶ ስሙን ጻፈበት። በሌይደን ዩኒቨርሲቲ የሒሳብ ሊቆች የሆኑት ሌንስትራና ደ ስሚት በ2003 ባወጡት ጽሑፍ፥ ባዶው ስፍራ እንዴት እንደሚሞላ አስረዱ። በዚያ ሊገባ የሚገባው ያው ሥዕል ራሱ፥ ከ22 እጥፍ በላይ አንሶ፥ 157 ዲግሪ ተኩል ያህል ዞሮ መሆኑን አገኙ።

ለቤተ ሰብ ገጽ የሚስማማው ግን በ1948 የሠራው ሥዕል ነው። በእርሱም ሁለት እጆች እርሳስ ይዘው አንዱ የሌላውን እጅጌ ይሥላል፤ ሠሪው የትኛው፥ የተሠራውም የትኛው እንደ ሆነ ለመለየት አይቻልም። ኤሸር በ1919 የቤት ሥራ ጥበብ ሊማር ወደ ሐርለም በመጣ ጊዜ፥ መምህሩ ሳሙኤል ዬሱሩን ደ መስኪታ ሥራውን አይቶ ወደ ሥዕል ኅትመት ጥበብ መራው። ይህ መምህር አይሁዳዊ ስለ ነበረ፥ በ1944 ጀርመኖች ከሚስቱና ከልጁ ጋራ ወሰዱት፤ ከሦስቱም የተመለሰ የለም። ያን ጊዜ ደቀ መዝሙሩ ወደ ባዶው ቤት ገብቶ፥ የተበተኑትን የመምህሩን ሥራዎች የቻለውን ያህል ሰብስቦ ከጥፋት አዳነ። መምህሩ ደቀ መዝሙሩን ሠራ፤ ደቀ መዝሙሩም የመምህሩን ስም አቆመ።

በቤታችንም ነገሩ እንደዚሁ ነው። አባትና እናት ልጅን ያሳድጋሉ፤ ልጅም በጠየቀ ቍጥር አባትና እናትን ያስተምራል። እንግዲህ ልጃችሁ እንዲህ ያለውን ሥዕል ይዞ፥ «አባባ፥ መጨረሻው የት ነው?» ብሎ ቢጠይቃችሁ፥ ሥራ አለብኝ ብላችሁ አትመልሱት። ወረቀትና እርሳስ ሰጥታችሁ፥ «እስኪ አንተ ሥለህ ፈልገው» በሉት። ሦስተኛውን ወይም አራተኛውን ሥዕል ሲሠራ እርሳሱ እንቢ ይለዋል። ያን ጊዜ፥ እጅ ከቆመበት ስፍራ አሳብ አልፎ እንደሚሄድ፥ ሌላ ሰው ሳይነግረው ራሱ ያስተውላል።