የነፍስ እንክብካቤ መንገዶች፦ ከጎርጎርዮስ እስከ ንስሐ አባት

አንቶን ቦይሰን የተባለ አሜሪካዊ የፕሬስቢቴሪያን አገልጋይ እ.ኤ.አ. በ1920 አእምሮው ታውኮ ሆስፒታል ገባ። በዚያ ባሳለፋቸው ወራት ሐኪም አላጣም፤ ሕመሙ ከእምነቱ ጋር እንዴት እንደተቆራኘ ቁጭ ብሎ የሚያዳምጠው ግን አላገኘም። ካገገመ በኋላ በ1924 በማሳቹሴትስ የዉስተር የአእምሮ ሆስፒታል ቄስ ሆነ። በቀጣዩ ዓመት አራት የነገረ መለኮት ተማሪዎችን ተቀበለ። ተማሪዎቹ ቀን በሕሙማን ረዳትነት እየሠሩ፣ ማታ ያዩትን ይወያዩበት ነበር። ቦይሰን ሰው ራሱ እንደ መጽሐፍ በጥሞና እንዲነበብ ይፈልግ ነበር። ዛሬ በብዙ አገር የሆስፒታል ቄሶች የሚወስዱት ክሊኒካዊ ሥልጠና መነሻው ይኸው ነው።

የነፍስ እረኝነት ግን ከዚህ እጅግ ይቀድማል። በ590 አካባቢ የሮሙ ጳጳስ ታላቁ ጎርጎርዮስ ለእረኞች በጻፈው መመሪያ፣ ሀብታምና ድሃ፣ ደስተኛና ያዘነ ሰው በአንድ ዓይነት ቃል እንደማይመከሩ በዝርዝር አስረድቷል።

ወደ ቦይሰን ዘመን ስንመለስ፣ በ1930ዎቹ ራስል ዲክስ የተባለ የሆስፒታል ቄስ ከበሽተኛ ጋር ያደረገውን ንግግር ከአልጋው አጠገብ እንደተነሣ ቃል በቃል መጻፍ ጀመረ። ዘዴው ዛሬም አለ። ለምሳሌ አንዲት ታማሚ «ሌሊት እንቅልፍ እምቢ አለኝ» ትላለች፤ ሠልጣኙም «አይዞዎት፣ እንጸልይ» ይላል። ንግግሩ ወረቀት ላይ ሲሰፍር አሠልጣኙ እዚያች መስመር ላይ ያቆመዋል፦ ሌሊቱን ምን እያሰበች አደረች? ጸሎቱ የፈጠነው ለእርሷ ነው ወይስ ጭንቀቷን መስማት ለከበደው ለሠልጣኙ?

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የካርል ሮጀርስ የሥነ ልቦና ትምህርት በቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሰፊ ቦታ አገኘ። መካሪው ለፍርድ ሳይቸኩል ያዳምጣል፤ ተመካሪው የራሱን መውጫ ያገኛል። ሲዋርድ ሂልትነር በ1958 የእረኛን ሥራ መፈወስ፣ መደገፍና መምራት ብሎ በሦስት ከፈለው፤ ክሌብሽና ጄክል በ1964 ማስታረቅን ጨመሩበት።

ይህን አካሄድ አጥብቆ የተቃወመው ጄይ አዳምስ ነው። በ1970 ባሳተመው መጽሐፍ ቤተ ክርስቲያን ሥራዋን ለሥነ ልቦና ባለሙያዎች አስረክባለች ሲል ወቀሰ። የአካል መንስኤ ከሌለው የብዙ ችግር ሥሩ ኃጢአት ነውና መድኃኒቱ የእግዚአብሔር ቃልና ንስሐ ነው አለ። ዘዴውንም የሰየመው መገሠጽና መምከር የሚል ትርጉም ካለው የግሪክ ቃል ነው። ላሪ ክራብን የመሳሰሉት ደግሞ መጽሐፍ ቅዱስን ዳኛ አድርገው፣ ከሥነ ልቦና የሚስማማውን ለመውሰድ መካከለኛውን መንገድ መረጡ።

በእነዚህ ሁሉ ውስጥ መካሪና ተመካሪ ብቻቸውን ይቀመጣሉ። ጋናዊው ኢማኑኤል ላርቴይ በ1997 ባወጣው መጽሐፉ የሰውዬው ባህልና ማኅበረሰብ ሳይታይ ምክር ምክር እንደማይሆን ተከራከረ።

ይህን ለኢትዮጵያውያን ማስረዳት አያስቸግርም። ኦርቶዶክሳዊ ቤተሰብ የነፍስ አባት፣ ማለትም ንስሐ አባት፣ አለው። እኚህ አባት ቤት ገብተው ጸበል ይረጫሉ፣ የተጣሉ ባልና ሚስት ያስታርቃሉ፣ ኑዛዜ ሰምተው በምስጢር ይይዛሉ፣ እንደ ሰውየው አቅም ጾም፣ ስግደት ወይም ምጽዋት ቀኖና ይሰጣሉ። ሂልትነርና ተከታዮቹ የዘረዘሯቸው አራቱ ሥራዎች በአንድ አባት እጅ ተጠቃለው ይገኛሉ። በፕሮቴስታንት አብያተ ክርስቲያናት በኩል መጋቢዎችና ሽማግሌዎች ከጋብቻ በፊት የሚሰጡት ትምህርት የታወቀ ነው። የመካነ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያንም እ.ኤ.አ. በ1972 ወንጌልና ልማት ሳይነጣጠሉ ሙሉውን ሰው እንዲያገለግሉ ለዓለም አጋሮቿ ጽፋለች።

የነፍስ አባት ቃል ክብደቱ ከፍተኛ በመሆኑ፣ ሕመምተኛውን ወደ ሐኪም የሚያደርሰውም የሚያስቀረውም እርሱ ሊሆን ይችላል። የፀረ ኤች አይ ቪ መድኃኒት በተስፋፋበት ጊዜ ብዙ ሕሙማን እንጦጦ ላይ ጸበል ሲጠመቁ መድኃኒቱን መውሰድ እምነት ማጉደል መስሏቸው ያቆሙ ነበር። ፓትርያርክ አቡነ ጳውሎስ ጸበሉና መድኃኒቱ እንደማይጣሉ በይፋ አስተማሩ። ሕመምተኛው ከጸበሉ ሳይርቅ መድኃኒቱን እንዲውጥ ፈቃዱን የሰማው ከሚያምነው አባት ነበር።