የታጠፈ እጅ በየትኛው መስመር ይጻፋል?

(ድምፅ፦ የባጃጅ ሞተር፣ የመንገድ ዳር ጫጫታ፤ ቀስ በቀስ ይደክማል።)

ተራኪ፦ ዲምቱ ከወላይታ ሶዶ ወደ ቢላቴ ቆላ ሲወረድ የምትገኝ ከተማ ናት። ማንጎ ሲደርስ ልጆች ዛፍ ላይ ይውላሉ፤ ታዲያ የሚወድቅ አይጠፋም። ክንዱ የተሰበረ ልጅ አብዛኛውን ጊዜ መጀመሪያ የሚወሰደው ወጌሻ ዘንድ ነው። ወጌሻው ጎረቤት ነው፤ ክፍያውም አይከብድም። ብዙ ጊዜ ደግሞ ሥራው ይሰምርለታል፤ ይህን ሳይናገሩ ወጌሻን መውቀስ ፍርደ ገምድልነት ነው።

እኛ ዛሬ የምንከተለው ያልሰመረውን ነው።

ክንዱ በቀርከሃ ፍልጥ ተደግፎ በጨርቅ ጥብቅ ተደርጎ ይታሰራል። የተሰበረ ክንድ ግን ያብጣል። ከውጭ እስሩ አላላውስ ሲል፣ እብጠቱ ወደ ውስጥ ይጫንና ለጡንቻው የሚደርሰውን ደም ያፍነዋል። ልጁ ሌሊቱን ሲያለቅስ ያድራል። ጣቶቹን ሊያቃኑለት ሲሞክሩ ይጮኻል። «ስብራት ነው፣ ቻለው» ይባላል። በጥቂት ሰዓታት ውስጥ ጡንቻው መሞት ይጀምራል። ፍልጡ በጊዜ ቢፈታ ወይም ቀዶ ሐኪም ደርሶ ክንዱን ከፍቶ ግፊቱን ቢያስተነፍሰው ይድን ነበር። ካልሆነ የሞተው ጡንቻ እየዋለ እያደረ ወደ ጠባሳ ይለወጣል፤ ያጥራል፤ ጣቶቹንም ጎትቶ መዳፍ ውስጥ ያጥፋቸዋል። ሰፈሩ «እጁ ሰለለ» ይላል።

ጀርመናዊው ቀዶ ሐኪም ሪቻርድ ፎን ፎልክማን ይህንኑ ጉዳት እ.ኤ.አ. በ1881 ጽፎታል። እሱ ያያቸው ሕመምተኞች ወጌሻን አያውቁም፤ ክንዳቸውን ያሰረው ጠብቆ የተጠመጠመ የሕክምና ፋሻ ነበር። ዛሬም በደንብ ያልታየ ጀሶ ያንኑ ሊያደርግ ይችላል።

(ድምፅ፦ የተራ ጥሪ፣ መዝገብ ሲገለጥ።)

ተራኪ፦ እንዲህ ያለ ልጅ ከወራት በኋላ ጤና ጣቢያ መጣ እንበል። ጤና መኮንኑ የልጁን የእጅ አንጓ ወደ መዳፉ አቅጣጫ ሲያጥፈው ጣቶቹ ይላላሉ። አንጓውን ቀና ሲያደርገው ደግሞ ተመልሰው ይጨበጣሉ። ሙከራዋ ግማሽ ደቂቃ አትፈጅም፤ ግን ያጠረው ጡንቻ ከአንጓው በላይ፣ ክንድ ውስጥ እንዳለ ታሳያለች። የጣቱ መገጣጠሚያ ራሱ ደርቆ ቢሆን ኖሮ አንጓው ቢታጠፍም ጣቱ አይላላም ነበር።

አሁን ይህ ግኝት መጻፍ አለበት።

የዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምደባ 10ኛ እትም ለዚህ አንድ ኮድ ብቻ አይደለም ያለው። የጡንቻ ማጠር ኤም 62.4 ነው፤ የመገጣጠሚያ ከሆነ ኤም 24.5። እሳት ላይ ወድቆ እጁ የተኮማተረ ሰው በቃጠሎ መዘዝ፣ በቲ 95.2 ሥር ይመዘገባል። ለሥጋ ደዌ መዘዝም ቢ 92 አለ። የእኛ ልጅ ጉዳት፣ የፎልክማኑ፣ ያለው ከአደጋዎች ምዕራፍ ነው፦ ቲ 79.6። አሜሪካውያን በራሳቸው እትም ቀኝና ግራ እስከመለየት ይሄዳሉ፤ የቀኝ እጅ ጡንቻ ማጠር ኤም 62.441፣ የግራው ኤም 62.442 ነው። ታጥፎ የሚታየው እጅ ስለሆነ ቸኩሎ «እጅ» የሚለውን መምረጥ ይቀላል። ነገር ግን የሞተው ጡንቻ ክንድ ላይ ነው፤ ኤም የሚለው ፊደል ደግሞ ማን እንዳሰረው፣ ምን እንደደረሰ አይናገርም። ቲ 79.6 ቢያንስ ከጉዳት የመጣ መሆኑን ይዞ ይሄዳል።

የጤና ጣቢያ ሪፖርት ይህን ያህል ዝርዝር አይደለም። ልጁ ወይ «አደጋ» ተብሎ፣ ወይ «ሌላ ወይም ያልተገለጸ የጡንቻና የአጥንት በሽታ» በሚለው መስመር ይገባል። በመቁጠሪያው ቅጽ፣ በታሊ ሺት ላይ፣ አንድ ጭረት ይሆናል። ከዚያ ወደ ወረዳ፣ ወደ ዞን ያልፋል፤ የወገብ ሕመም ካለባቸው አዛውንቶች ጋር ይደመራል። ዞኑ ላይ ቁጥሩን የሚያይ ባለሙያ ወጌሻዎችን ሰብስቦ ማሠልጠን እንደሚያስፈልግ በምን ያውቃል?

ወላይታ ግን መቆጠር ምን እንደሚያመጣ አይቷል። በቀይ አፈር ላይ በባዶ እግር ከመሄድ የሚመጣው የእግር እብጠት፣ ፖዶኮኒዮሲስ፣ ለረጅም ጊዜ ከሌላው የዝሆኔ ዓይነት ጋር ይቀላቀል ነበር። እ.ኤ.አ. በ2003 የታተመ ጥናት በዞኑ ስርጭቱ 5.46 በመቶ መሆኑን አሳየ። እ.ኤ.አ. በ2011 የዓለም ጤና ድርጅት በሽታውን ችላ ከተባሉት የሐሩር ክልል በሽታዎች ተርታ መደበው።

(ሙዚቃ፤ ለአጭር ጊዜ።)

ተራኪ፦ ለወጌሻ እስር ጉዳትም የተሞከረ ነገር አለ። እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ ወጌሻዎች የአንድ ቀን ሥልጠና ተሰጣቸው። ከሥልጠናው በፊት በነበሩት ሁለት ዓመታትና ከዚያ በኋላ ባሉት ሁለት ዓመታት ጋንግሪን ይዟቸው የተቆረጡ እጅና እግሮች ተወዳደሩ፤ በእጅጉ ቀንሰው ተገኙ። ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ2005 ታትሟል። ማወዳደር የተቻለው የተቆረጡት ከነምክንያታቸው ስለተቆጠሩ ነው። የጥናቱ መለኪያ የተቆረጠ አካል ነበር፤ ሳይቆረጥ የታጠፈ እጅ በዚያ ቆጠራ አልገባም።